የእማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ ዜማ ወደ ሲኒማ ሥዕል እንዴት እንደ ገባ

ሰው ያላወቀውን ነገር ለመንቀፍ ይፈጥናል፤ ካወቀው በኋላ ግን በነቀፈበት አፉ ለማመስገን ያፍራል። እኔም ይህን ጽሕፈት ለመጻፍ የተነሣሁት እንዲህ ያለው ስሕተት በራሴ ላይ ስለ ደረሰብኝ ነው። አንባቢ ሆይ፥ ነገሩን ከመጀመሪያው ልንገርህ።

በፍኖተ ሰላም ከተማ የሚኖር፥ በሕፃንነቱ ፊደል ያስቈጠርሁት አንድ ወጣት አለ። ሥራው ዘጋቢ ፊልም የሚባለው ነው፤ ይኸውም ተጫዋች ሳይቀጠርበት፥ በእውነት ያለውን ሰውና በእውነት የሆነውን ነገር የሚያሳይ የሲኒማ ሥዕል ማለት ነው። ለዚህ ሥራው መንግሥትም ሆነ ባለጸጋ ገንዘብ አልሰጠውም። መሣሪያውን ከወዳጅ ተውሶ፥ ስንቁን ከእናቱ ቤት ይዞ ከቡሬ ወጣ ብሎ ባለ አንድ የቅኔ ጉባኤ ቤት ሰነበተ። በዚያም ደበሎ የለበሱት ተማሪዎች አኩፋዳቸውን አንግተው «በእንተ ስማ ለማርያም» እያሉ ከደጅ ደጅ ሲዞሩ፥ ውሻ ሲያባርራቸው፥ ከተለመነው ቍራሽ ሲካፈሉ፥ ሲመሽም እያንዳንዱ ከዛፍ ሥር ተለይቶ ተቀምጦ ቅኔ ሲቈጥር፥ በማግሥቱም ለመምህሩ ሲነግር፥ ይህን ሁሉ በሥዕል አነሣ።

ሥራውንም ሲጨርስ አምጥቶ አሳየኝ። እኔም በዚያው በዳሞት ምድር የቅኔ ተማሪ ሆኜ የለመንሁ ነኝና የራሴን ልጅነት ያየሁ መስሎኝ ዐይኔ እንባ ሞላ። ዳሩ ግን ከሥዕሉ በታች አንድ የፒያኖ ዜማ አኑሮበት ነበርና እርሱን በሰማሁ ጊዜ ተቈጣሁ። «ልጄ፥ ይህ የፈረንጅ ዜማ ከደበሎ ለባሽ ጋራ ምን ዝምድና አለው? አውጣው» አልሁት። እርሱም አንገቱን ደፍቶ ጥቂት ዝም ካለ በኋላ፥ «የኔታ፥ ይህን ዜማ የደረሱት ኢትዮጵያዊት መነኵሲት ናቸው፤ ሙዚቃቸውን ለዓለም ያወጡትም የቆሎ ተማሪ ሲራብ አይተው ነው» አለኝ። በዚህ ጊዜ ከእርሱ ይልቅ የእኔ አንገት ተደፋ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ስለዚህ ነገር እየጠየቅሁና እያስነበብሁ ያገኘሁትን ታሪክ እነሆ ለአንባቢ አቀርባለሁ። የውጭ አገሩን ነገር በፈረንጅ ዓመት፥ የአገራችንን በዓመተ ምሕረት እጽፋለሁ፤ ከዚህ የወጣ ሲኖርም እናገራለሁ።

ሲኒማ በተጀመረበት ዘመን ሥዕሉ ድምፅ አልነበረውም። ስለዚህ በአዳራሹ ውስጥ አንድ የፒያኖ መቺ ተቀምጦ፥ ሥዕሉ ሲያዝን እያዘነ፥ ሲሮጥ እየሮጠ ይመታ ነበር። ኋላ በ1920ዎቹ ዓመታት መጨረሻ ድምፅን ከሥዕሉ ጋራ በአንድ ክር ላይ ማተም በተቻለ ጊዜ፥ ለእያንዳንዱ ፊልም ዜማ የሚደርስ ሰው አስፈለገ። በ1936 ዓመት በአሜሪካን አገር ፔር ሎሬንትዝ የሚባል ሰው፥ ሜዳው ያለ ልክ ታርሶ አፈሩ በነፋስ እንደ ተወሰደና ገበሬው እንደ ተሰደደ የሚያሳይ ዘጋቢ ፊልም በመንግሥት ገንዘብ ሠራ። ዜማውን የደረሰለት ቨርጂል ቶምሰን ነበር። ቶምሰን በወጣትነቱ በቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ይመታ የነበረ ነውና፥ ያገሩ ሰው በየሰንበቱ የሚዘምረውን መዝሙርና የከብት ጠባቂዎቹን ዘፈን ወስዶ በፊልሙ ውስጥ አገባው። በዚያው ዓመት በእንግሊዝ አገር ገና የ22 ዓመት ወጣት የነበረው ቤንጃሚን ብሪተን፥ ሌሊት ደብዳቤ ጭኖ ወደ ስኮትላንድ ስለሚሄድ ባቡር በተሠራው ፊልም የመንኰራኵሩን ምት ዜማ አደረገው። ቶምሰንም በ1948 ዓመት ሮበርት ፍላኸርቲ ስለ ሉዊዚያና ምድር ሰዎች ለሠራው ፊልም ያገሬውን ዘፈን መሠረት አድርጎ ዜማ ደረሰለት፤ በማግሥቱ ዓመት በ1949 በአሜሪካን ለሙዚቃ የሚሰጠውን የፑሊትዘር ሽልማት አገኘበት።

እንግዲህ ከዚህ ሁሉ አንድ ነገር እንረዳለን። የፊልም ዜማ ደራሲ ሙያው አዲስ ነገር ከመፍጠሩ ይልቅ፥ በሥዕሉ ላይ ለሚታየው ሰው የሚስማማውን ድምፅ ለይቶ ማወቁ ነው። ገበሬው በሚታይበት የገበሬው መዝሙር፥ ባቡሩ በሚታይበት የባቡሩ ምት ይገባል። ይህም ለእኛ እንግዳ ትምህርት አይደለም። በስድስተኛው መቶ ዓመት በአክሱም የተነሣው ቅዱስ ያሬድ ግዕዝ፥ ዕዝልና አራራይ ብሎ ዜማን በሦስት ከፍሎ ሲሠራ፥ ለጾሙም ለበዓሉም፥ ለኀዘኑም ለደስታውም የሚስማማውን ለይቶ ሰጥቶናል። በአፄ ገላውዴዎስ ዘመን አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል የዜማውን ምልክት ከፊደሉ ራስ ላይ ሲያኖሩም፥ ምልክቱ ለቃሉ አገልጋይ እንዲሆን እንጂ ቃሉን እንዲሸፍን አላደረጉም። ቅኔም እንዲሁ ነው። ሁለት ቤት ብቻ ያላት ጉባኤ ቃና እንኳ ሰሙ ወርቁን ካልተሸከመላት፥ ወርቁም ሰሙን ንቆ ብቻውን ልውጣ ካላት፥ መምህሩ «አልሆነም፤ ተመልሰህ ቍጠር» ይላል። በፊልምም የሚታየው ሥዕል ሰሙ ነው ብንል፥ የሚሰማው ዜማ ወደ ወርቁ የሚያደርስ መንገድ ነው።

ነገር ግን ሎሬንትዝ የመንግሥት ገንዘብ ነበረው፤ ስለ ባቡሩ የተሠራው ፊልምም ከእንግሊዝ ፖስታ ቤት የወጣ ነው፤ የፍላኸርቲን ወጪ የቻለው አንድ የነዳጅ ኩባንያ ነበር። ማንንም ሳይጠጋ በራሱ ዐሳብ ብቻ የሚሠራ ሰው ግን ዜማ ደራሲና ብዙ መቺዎች ለመቅጠር አቅም ስለማይኖረው፥ ብዙ ጊዜ አስቀድሞ ከተደረሰው ዜማ የሚስማማውን ይፈልጋል። የእማሆይ ጽጌ ማርያም ዜማ ወደ ሲኒማ ሥዕል የገባበት በርም ይህ ነው። ስለዚህ አሁን ወደ እርሳቸው ታሪክ እንመለስ።

እማሆይ ጽጌ ማርያም በታኅሣሥ ወር 1916 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ተወለዱ። የዓለም ስማቸው የውብዳር ነበር። አባታቸው ከንቲባ ገብሩ ደስታ የውጭ አገር ቋንቋ የተማሩ፥ በጎንደርም በአዲስ አበባም ከንቲባ የነበሩ ታላቅ ሰው ናቸው። የውብዳር ገና በስድስት ዓመታቸው ከእኅታቸው ከሰነዱ ገብሩ ጋራ ወደ ስዊስ አገር ተልከው፥ በዚያ በአዳሪ ትምህርት ቤት ቫዮሊንና ፒያኖ ተማሩ። እኅታቸው ሰነዱ ኋላ በምርጫ ወደ ሕዝብ ምክር ቤት የገቡት የመጀመሪያዪቱ ሴት ናቸው።

የውብዳር ወደ አገራቸው ተመልሰው ጥቂት ዓመት እንደ ቈዩ ኢጣልያ አገራችንን ወረረች። በ1929 ዓ.ም. ከቤተ ሰባቸው ጋራ ተይዘው በባሕር መካከል ወዳለችው ወደ አዚናራ ደሴት፥ ከዚያም ኔፕልስ አጠገብ ወዳለችው ወደ ሜርኮልያኖ ተጋዙ። ከጦርነቱ በኋላ ወደ ካይሮ ሄደው አሌክሳንደር ኮንቶሮቪች ከሚባል ከፖሎኝ አገር ከመጣ የቫዮሊን ሊቅ ዘንድ በብዙ ድካም ተማሩ። ይህ መምህር ኋላ ወደ አዲስ አበባ መጥቶ የክብር ዘበኛን ሙዚቃ መርቷል።

ከዚህ በኋላ ወደ ለንደን ሄደው የሙዚቃን ትምህርት እንዲፈጽሙ ዕድል ተገኘላቸው፤ ነገር ግን ፈቃድ ተከለከሉ። ይህ ለወጣቲቱ ከባድ ኀዘን ሆነባቸው፤ ምግብም ተዉ፤ ከሕመማቸውም የተነሣ ለሞት ቀርበው ነበርና ሥጋ ወደሙ ተቀበሉ። ከዚያ ሲነሡ የዓለሙን ሙዚቃ ትተው ወደ ወሎ፥ ወደ አምባሰል፥ ወደ ግሸን ማርያም ወጡ። በ21 ዓመታቸውም መነኰሱ፤ ጽጌ ማርያምም ተባሉ። በዚያ ተራራ ላይ ጫማ ሳይጫሙ በጸሎት ዓመታት ኖሩ። በተራራው ላይ ፒያኖ አልነበረም። አንባቢ ሆይ፥ ይህን ልብ አድርግ፤ በአውሮፓ በብዙ ወጪ የተማሩት ጥበብ ሁሉ በዚያ ዝም አለ።

ኋላ ግን ከግሸን ተመልሰው ከእናታቸው ጋራ በአዲስ አበባ ሲኖሩ እጃቸውን እንደ ገና ወደ ፒያኖው መለሱ። በ1960ዎቹ የፈረንጅ ዓመታትም የቅዱስ ያሬድን ዜማ ለመማር ወደ ጎንደር ሄዱ። በዚያም ከየአውራጃው ለትምህርት የመጡትን የቆሎ ተማሪዎች አዩ። ልጆቹ እየለመኑ ይበላሉ፤ ሌሊቱን በደጅ ያድራሉ፤ ሆኖም ትምህርታቸውን አይተዉም። እማሆይ በዚህ ነገር ልባቸው ተነካ። የሚሰጡት ገንዘብ ስለሌላቸው፥ ያለኝን ሙዚቃ አውጥቼ እረዳቸዋለሁ ብለው ቈረጡ። በእነዚያው ዓመታት የራሳቸውን ድርሰት በጀርመን አገር በሸክላ አሳተሙ፤ ከሸክላው የሚገኘውንም ለችግረኞች ልጆች መርጃ አደረጉት።

እንግዲህ እኔ «የፈረንጅ ዜማ» ብዬ የነቀፍሁት ይህን ነው። መሣሪያው በእውነት የፈረንጅ ነው። ዜማው ግን በአምስት ድምፅ የሚሄድ ያገራችን ቅኝት አለበት፤ አካሄዱም በልክ ተቈጥሮ እንደሚረገጥ ወታደር አይደለም። ዐራት መዝሙርን ብቻውን በሌሊት የሚያዜም መሪጌታ ቃሉን እንደሚያቈየው፥ ትንፋሹንም ሰብስቦ እንደሚቀጥል፥ የእማሆይም እጅ አንዱን ድምፅ ያቈያል፤ ሌላውን ያርከፈክፈዋል። እኔ ይህን ከሰማሁ በኋላ ደግሜ ባደምጠው፥ በመጀመሪያው ጊዜ ጆሮዬ መሣሪያውን ብቻ ሰምቶ ዜማውን ሳይሰማው እንደ ቀረ ተረዳሁ።

እማሆይ በ1984 በፈረንጅ ወደ ኢየሩሳሌም ተሻግረው በደብረ ገነት ኪዳነ ምሕረት በአንዲት ጠባብ ክፍል ከፒያኖአቸው ጋራ ይኖሩ ጀመር። ለብዙ ዘመንም የሚያውቃቸው ጥቂት ሰው ብቻ ነበር። በ2006 በፈረንጅ ፍራንሲስ ፋልሴቶ የሚባል ፈረንሳዊ «ኤትዮፒክ» በሚለው ተከታታይ ሥራው 21ኛው ክፍል ላይ የእርሳቸውን የፒያኖ ድርሰት ለብቻው ባወጣ ጊዜ፥ ድምፃቸው በዓለም ሁሉ ተሰማ። በ2013 በፈረንጅም ድርሰታቸው በኖታ ተጽፎ በመጽሐፍ ታተመ፤ በኢየሩሳሌምም ሌሎች መቺዎች በጉባኤ ፊት አሰሙት።

ከዚህ በኋላ ነው የሲኒማው ነገር የመጣው። በአሜሪካን አገር ጋሬት ብራድሊ የምትባል ጥቁር ሴት «ጊዜ» የሚል ስም ያለው ዘጋቢ ፊልም ሠራች። ፊልሙ በዚያው በሉዊዚያና ምድር፥ ባልዋ በወንጀል 60 ዓመት እስራት ተፈርዶበት ልጆችዋን ብቻዋን ስላሳደገችና ከ20 ዓመት በላይ እንዲፈታላት ስለ ደከመች አንዲት እናት ይናገራል። እናቲቱ ልጆችዋ ሲያድጉ አባታቸው እንዲያይ ብላ በየጊዜው በራስዋ ካሜራ ያነሣችው ሥዕል ወደ መቶ ሰዓት የሚደርስ ነበር፤ ብራድሊ ይህን ከራስዋ ሥራ ጋራ አዋሕዳ በጥቁርና በነጭ አቀረበችው። ከሥዕሉም በታች የእማሆይን ፒያኖ አኖረች። ፊልሙ በጥር ወር 2012 ዓ.ም. በሰንዳንስ የፊልም ጉባኤ ታየ፤ ብራድሊም በአሜሪካን ዘጋቢ ፊልሞች ክፍል በአዘጋጅነት ሽልማት ያገኘች የመጀመሪያዪቱ ጥቁር አሜሪካዊት ሆነች። በሚከተለውም ዓመት ፊልሙ ለኦስካር ሽልማት ከታጩት አንዱ ነበር። ፊልሙ በሰንዳንስ በታየ ጊዜ እማሆይ የ96 ዓመት አረጋዊት ነበሩ። መጋቢት 17 ቀን 2015 ዓ.ም. በ99 ዓመታቸው በኢየሩሳሌም ዐረፉ።

አንባቢ ሆይ፥ እስቲ እዚህ ላይ ቆም እንበል። በጎንደር ደጅ ያደረ ተማሪን አይታ ያዘነች የአንዲት መነኵሲት ዜማ፥ ባልዋን በእስር ቤት ደጅ የምትጠብቅ የሉዊዚያና ሴት ኀዘን ሊሆን የቻለው በምን ምክንያት ነው? እኔ እንደሚመስለኝ ሁለቱም መጠበቅን የሚያውቁ ስለ ሆኑ ነው። ያች ሴት ዓመታትን ቈጥራለች፤ እማሆይም በደሴት ግዞት፥ ለንደን በተከለከለ ጊዜ፥ ፒያኖ በሌለበት ተራራ ላይ ቈጥረዋል። በዜማው ውስጥ የቀረው ይህ የመቈየት ነገር ነው፤ ቋንቋ የማያስፈልገውም ስለዚህ ነው።

ከአገራችን ሰዎችም በሲኒማ ዜማ ያገለገሉ አሉ። በጎንደር የተወለደው ኃይሌ ገሪማ በ1999 በፈረንጅ ስለ ዐድዋ ድል ባወጣው ዘጋቢ ፊልም፥ የሽማግሌዎችን ቃልና የቀድሞ ሥዕሎችን ከሙዚቃ ጋራ አስማምቶ ታሪኩን ተረከ። በ2008 በፈረንጅ «ጤዛ» ለተባለው ተውኔታዊ ፊልሙ ደግሞ ሳክስፎን የሚነፋው ጆርጋ መስፍን ከቪጄይ አየር ጋራ ሆኖ ዜማ ደርሶለታል። ስለዚህ መንገዱ ተጀምሯል፤ ጐደለ የምንለው በየገጠሩ ያለውን ዜማ ጠንቅቆ የሚያውቅ ደራሲ ነው።

ይህ ጐደሎ ለእኛ ለጎጃም ሰዎች የሩቅ ነገር አይደለም። ዋሸራና ጎንጅ፥ ዲማና ደብረ ኤልያስ ስንት ሊቅ እንዳፈሩ የማያውቅ የለም። ዳሩ ግን አንድ መምህር ሲያርፍ ከእርሱ ጋራ የሚቀበረው የድምፅ አወጣጥ፥ የቅኔ አነጋገር፥ የተማሪ ቀልድና ተግሣጽ ብዙ ነው። ይህን በሥዕልና በድምፅ የሚያስቀር ልጅ ሲነሣ፥ እንደ እኔ ያለ ሽማግሌ ደግሞ «አውጣው» ብሎ ቢያስደነግጠው፥ ጥፋቱ የማን ይሆናል?

ስለዚህ ወጣቱን አስጠርቼ ይቅርታ ጠየቅሁት። ሆኖም የመምህርነቴን አልተውሁም፤ ሦስት ነገር ነገርሁት። አንደኛ፥ ተማሪው ቅኔውን ለመምህሩ በሚነግርበት ስፍራ ፒያኖውን ዝም አሰኝ፤ ዜማ ያለው ቃል በሌላ ዜማ ሊሸፈን አይገባውምና። ሁለተኛ፥ የሰው ድርሰት ስትወስድ ባለቤቱን ወይም ወራሹን አስፈቅድ፤ በስሙም ጥራው። ከሌላ ሰው ቅኔ ሰርቆ «የራሴ ነው» ያለ ተማሪ በጉባኤ ፊት እንደሚያፍር ታውቃለህና። ሦስተኛ፥ እማሆይ ተማሪ አይተው አለቀሱ፤ ነገር ግን በልቅሶው አልቀሩም፤ ሸክላ አሳትመው ዋጋውን ሰጡ። አንተም የእነዚህን ልጆች ረኀብ ለሰው አሳይተህ ምስጋናውን ለብቻህ ብትወስድ፥ ሰሙን ይዘህ ወርቁን ጣልህ ማለት ነው፤ አልሁት።

እርሱም «እሺ፥ የኔታ» ብሎ ሄደ። ከሁለት ሳምንት በኋላ ተመልሶ አሳየኝ። ልጆቹ በጠዋት ጭጋግ ውስጥ አኩፋዳ ይዘው ሲወጡ የእማሆይ ፒያኖ ይሰማል፤ ከዛፉ ሥር ደርሰው ቅኔ መቍጠር ሲጀምሩ ቀስ እያለ ይጠፋል፤ ከዚያ በኋላ የሚሰማው የልጁ ድምፅና የወፍ ጩኸት ብቻ ነው። እንደዚህ በሆነ ጊዜ የፒያኖው ዝምታ ራሱ ዜማ ሆኖ ተሰማኝ።

በማግሥቱም ፊልሙን በከተማው አዳራሽ ለመጀመሪያ ጊዜ ካሳየበት ገንዘብ ሁለት ኵንታል በቆሎ ገዝቶ በጋሪ ወደ ጉባኤ ቤቱ እንደ ላከ ሰማሁ። ስለዚህ ነገር እርሱ አልነገረኝም፤ የነገረኝ ባለ ጋሪው ነው።